«መስኮቱን ለምን መታችው?»

ውድ ሳተርኒኖ፣

ልጅህ ኖኤሚ ትናንት ደወለችልኝ። ድምፅዋ ቁርጥ የእናትህ ድምፅ ስለሆነ መጀመሪያ ደነገጥኩ። «ዶኛ ዴልፊና፣ ይቅርታ አስቸገርኩዎት። አባዬ በጣም ታሟል፤ ምግብ እምቢ ብሏል። አንድ ነገር ብቻ ደጋግሞ ይጠይቃል። ‹ያን ቀን ጠዋት መስኮቱን ለምን መታችው?› ይላል» አለችኝ። አይ አንተ! ዕድሜ ልኬን ስጠብቀው የኖርኩትን ጥያቄ አሁን፣ ያውም በሰው አፍ!

በስልክ የሚሆን ነገር አይደለም ብዬ ነው የምጽፍልህ። ኖኤሚ ቀስ ብላ ታንብብልህ።

ያ ቀን የስሜ ቀን ነበር፣ ስሟን የያዝኩላት የቅድስት ዴልፊና በዓል። በዋዜማው ወንዙ ዳር አግኝተኸኝ ያልከኝን አልረሳሁም። «ነገ ጎህ ሲቀድ መጥቼ እዘፍንልሻለሁ። እንደ አገራችን ወግ ዘፈኑ ሳያልቅ መስኮትሽን ከከፈትሽ አባትሽን እጠይቃለሁ። ካልከፈትሽ በጠዋቱ ጀልባ እሄዳለሁ፣ ዳግመኛም አታዪኝም» አልከኝ። እኔ ደግሞ በኩራት «እናያለን!» ብዬህ ሄድኩ። ልቤ ግን ያኔውኑ ከፍቶልህ ነበር። ምነው ያን ጊዜ አፍ አውጥቼ በነገርኩህ!

የበገናውን ድምፅ ስሰማ ከአልጋዬ ዘልዬ ተነሳሁ። መቀርቀሪያውን ሳብኩት፣ መጣልኝ። መዝጊያውን ገፋሁት፤ ወይ ፍንክች! ሳምንቱን ሙሉ ዝናብ ሲወርድ ከርሞ እንጨቱ ውሃ ጠጥቶ አብጧል። በትከሻዬ ገፋሁት፣ በቡጢዬ ደበደብኩት። «ቆይ! ሳተርኒኖ፣ ቆይ እንጂ!» እያልኩ እጮኻለሁ። በገናውና የጓደኞችህ ጊታሮች ድምፄን ዋጡት፤ ውጭ የተሰማው ድብደባው ብቻ ነው። አክስቴ ክሌታ ካልጋዋ ሆና «አንቺ ልጅ፣ አብደሻል እንዴ? ቤቱን በላያችን ላይ ልታፈርሺው ነው?» ትላለች። ኧረ ቤቱ ገደል ይግባ! «ተነሺና ግፊልኝ!» ብላት ነጠላ ጫማዋን ፍለጋ ገባች።

በጓሮ ዞሬ፣ ጭቃው ውስጥ ሁለቴ ወድቄ መንገዱ ላይ ስደርስ ሰው የለም። ወደብ ስደርስ ጀልባው መታጠፊያውን አልፏል። በሌሊት ልብሴ፣ በባዶ እግሬ ቆሜ ዓሣ አጥማጆቹ ሁሉ እያዩኝ አለቀስኩ። ደብዳቤ ጽፌ እንድትልክልህ ለእናትህ ሰጠኋት። «ልጄን በቡጢ አባረርሽው፤ አሁን ደግሞ በወረቀት ልትጫወቺበት ነው?» ብላ ሳትከፍተው መለሰችልኝ። እናት ናት፣ ምን ልበላት።

ከዚያ ዘፈንህ መጣ። መጀመሪያ የሰማሁት ከፀጉር አስተካካዩ ሬዲዮ ነው። እንዴት ያምር ነበር! ስለ እኔ የሚናገረው ሁሉ ውሸት ሆኖ ሳለ ወደድኩት። ዓመት ሳይሞላው አገሩን ሞላው፤ ሰርግ ያለ እሱ አይደምቅም፣ ሰካራም ያለ እሱ ቤቱ አይገባም። «በሩቁ ሂድ ብላ መስኮቱን መታችው» የሚለው ላይ ሲደርሱ ዘፋኞቹ የጊታራቸውን ሆድ በጡጫ ድው ድው ያደርጉታል። ሕዝቡም ጠረጴዛውን ይመታል። ገበያ ስወጣ ዓሣ ሻጯ «ላንቺማ የትናንቱን ነው የምሰጥሽ፤ ያን የመሰለ ወንድ ያባረርሽ!» ትለኛለች። ስቄ አልፋለሁ። ቤቴ ገብቼ ግን አልስቅም።

ያን መዝጊያ ሊልግ የመጣው አናጢ ዛካሪያስ ነበር። እንጨቱ ላይ የእጄን ደም አየና ቀስ ብሎ ላገው። በኋላ እሱን አገባሁት። ደግ ሰው ነበር፣ በክፉ አላነሳውም። በሰርጋችን ዕለት ሳይቀር ያንተን ዘፈን ተጫወቱት፤ እሱም እጄን ጥብቅ አድርጎ ይዞ አስጨፈረኝ።

ለእመቤታችን ለካንዴላሪያ በዓል የመጣህ ጊዜ መድረክ ላይ አስወጣኸኝ። ፀጉርህ ሸብቶ ነበር። እጄን ስመህ «ወገኖቼ፣ ይቺ ሴት ባታባርረኝ ኖሮ ዛሬም ዓሣ ስበልት ነበር የምታገኙኝ!» አልክ። ሕዝቡ በሳቅ ፈነዳ። እኔ ጆሮህ ድረስ ተጠግቼ ነበር። ቃሉ ምላሴ ላይ ነበር። ቀና ስል ግን ዛካሪያስ ከመድረኩ ሥር ባርኔጣውን ይዞ ቆሟል፣ ሚስትህም አጠገቡ ታጨበጭባለች። ዋጥኩት። አሁን ሁለቱም አልፈዋል፤ ነፍሳቸውን ይማር።

እንግዲህ መልሱ ይኸው ነው፦ የመታሁት ልከፍትልህ ነው። አላባረርኩህም ሳተርኒኖ። እኔ አንተን? በምን አንጀቴ!

አንድ ነገር ደግሞ ልጨምር። አገሩ ሁሉ የሚያውቀው ከሄድክ በኋላ የሠራኸውን ዘፈን ነው። ያን ቀን ጠዋት የዘፈንክልኝንስ? ዳግመኛ አልዘፈንከውም። ኖኤሚን ስጠይቃት «የትኛው? ሌላ ዘፈን ነበር እንዴ?» አለችኝ። ጓደኞችህም አልፈዋል። እኔ ግን እንጨቱን እየደበደብኩ ቃል በቃል ሰምቼዋለሁ፤ ሽንኩርት ስከትፍ፣ ልብስ ሳጥብ በሆዴ ስዘፍነው ኖሬያለሁ። አንተም ብትረሳው አልፈርድብህም።

ሐሙስ በመጀመሪያው አውቶብስ እመጣለሁ። አልጋህ አጠገብ ቁጭ ብዬ እዘፍንልሃለሁ። ድምፄ እንደ አሮጌ የበር ማጠፊያ ሲጥ ሲጥ ይላል፤ ቻለው። መጨረሻው ላይ «ዴልፊና፣ ታገቢኛለሽ ወይ?» የሚለው ላይ ስደርስ አቆምና እሺ እልሃለሁ።

እስከዚያ ድረስ በእናትህ ሞት፣ ሾርባ ቢጤ ቅመስ።

ያንተው ዴልፊና