በጭጋጉ ቀን የተናገርኩህ

ኮርቲና፣ ቅዳሜ አመሻሽ

ለውድ አባቴ፣

ጤናህ እንዴት ነው? ወገብህስ ተሻለህ? ንቦችህ ይህን ብርድ ቻሉት? እማዬን በስልክ ስጠይቃት «ደህና ነው» ብላ ወሬውን ወደ ጎረቤት ታዞረዋለች። እኔ ጠዋት ጠዋት ጉልበቴን ከሚጠዘጥዘኝ በቀር ደህና ነኝ።

ከተኳረፍን አራት ዓመት ሆነን። ያን ቀን የበረዶ ሸርተቴ ውድድሩ መነሻ ላይ ቆመን፣ ጭጋጉ ቁልቁለቱ ላይ ከተተከሉት የማለፊያ በሮች ከሁለተኛው በታች ምንም አያሳይም ነበር። አትውረጂ አልከኝ። እኔ ግን ቡድኑ ሁሉ እየሰማ፣ «አንተም በወጣትነትህ ፈርተህ ነው ውድድር ያቆምከው። ከዛሬ ጀምሮ አሰልጣኜ አይደለህም» አልኩህ። የመንሸራተቻ ዱላዎቼን አቀበልከኝና ሄድክ። ከአርባ ሰከንድ በኋላ የጉልበቴ ጅማት ተበጥሶ የዳር መረቡ ውስጥ ተጠቅልዬ ነበር። ለጋዜጠኛ ሁሉ ሸርተቴው ከዳኝ እያልኩ ኖርኩ። ውሸት ነው፤ በሩን አላየሁትም። ልክ ነበርክ።

ሁለት ጊዜ ቀዶ ጥገና ተደረገልኝ። ሐኪሙ ደረጃ መውጣት ከቻልሽ ይበቃሻል አለኝ። የቡድኑ አለቃ ቦታዬን ለአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ዬርትሳ ሰጣት። እኔም አንዲት ትንሽ የመንደር ቁልቁለት ላይ ከሕፃናት ጋር ተሰልፌ ከሀ ጀመርኩ። «አክስቴ፣ መንገድ ልቀቂልን እንጂ» ይሉኝ ነበር። አምና ወደ ቡድኑ ተመልሼ ሠላሳ አንደኛ ወጣሁ፤ ዘንድሮ በታኅሣሥ ስድስተኛ።

ዛሬ ጠዋት ደግሞ ሸርተቴዬን እንዲፈጥን ሰም የሚቀባልኝ ሉድቪክ መነሻው ላይ ጠጋ አለኝ። ዝምተኛነቱን ታውቀዋለህ።

«ከድልድዩ በኋላ ግራውን ያዢ» አለኝ። «ሲደክምሽ ወደ ቀኝ ታዘነብያለሽ፤ እዚያ ሥሩ ግግር በረዶ ነው።»

ይህን ማን ነገረህ አልኩት። ጎንበስ ብሎ የጫማዬን ማሰሪያ ይነካካ ጀመር፤ ጆሮው ቀላ። በየውድድሩ ዋዜማ ከእኛ መንደር ስልክ ስለሚደወልለት የቡድኑ ልጆች ፍቅረኛ አለችው እያሉ ያሙታል። ስደክም የማዘነብለውን ግን የትኛዋ ፍቅረኛ ታውቀዋለች? ከዚያ በላይ አልጠየቅሁትም።

ግራውን ያዝኩ። በአንድ ሰከንድ ሰባት መቶኛ ቀድሜ አንደኛ ወጣሁ።

አባዬ፣ ገና ሦስት ውድድር ይቀረኛል፤ የዓመቱን ዋንጫ ሳልወስድ አልመለስም። ለመጨረሻው፣ በመጋቢት፣ መነሻው ላይ ከጎኔ እንድትቆም እፈልጋለሁ። ለቡድኑ አለቃ ስነግረው ከቡድኑ ውጭ ማንም እዚያ አይቆምም አለኝ። እንግዲያው እኔም አልቆምም አልኩት፤ ያኔ አንተን እንደተናገርኩህ፣ ሁሉም እየሰማ። ከምሳ በኋላ ፈቃዱን ፈረመ። ወረቀቱ ከዚህ ደብዳቤ ጋር አለ።

እግዜር ወገብህን ይማርልህ፤ እማዬንም አንተንም ዕድሜ ይስጥልኝ። ሉድቪክን ደግሞ አደራ እንዳትቆጣው፤ የማንንም ስም አልጠራም።

ይቅርታህን የምትጠብቅ
ልጅህ