ገና የሚሞቅ ሬዲዮ

እንጅባራ፣ መስከረም ፳ ቀን ፲፱፻፶፯ ዓ.ም.

ለልጅ ልጄ ለወታደር ውቤ፤

እኔ አያትህ ከናፍቆትህ በቀር ምንም አልጎደለኝም፤ አንተ እንደምን ከርመሃል? እኔ ለቶኪዮው ኦሎምፒክ እየተሰናዳሁ ነው። ሩጫህን በሬዲዮ እንድሰማ፣ ከዳንግላው ባለሱቅ ከዓብዱልሀሚድ ዘንድ ቦታ ልይዝ ሄጄ ነበር። ገና ሲያየኝ ሬዲዮኑን ዘጋና፣ «ተበላሽቷል፣ እሜቴ» አለኝ። እጄን ባሳርፍበት ይሞቃል።

ስመለስ አጎትህ ስማቸው ፈረስህን በቀይ ጥለት አስጊጦ፣ ማንም ሳይቀመጥበት፣ በዘንገና ሐይቅ ዳር እየሳበ ያዞረዋል።

«የማን ልቅሶ ነው?» አልሁት።

«እንዲያው እግሩን ላፍታታው ብዬ ነው፣ እማ» አለኝ፤ ቀና ብሎ ግን አላየኝም።

የአዘና ዘመዶቻችን ማንም ሳይጠራቸው መጥተው ስማቸው ቤት ሰፍረዋል። በአጠገባቸው ሳልፍ ወሬ ያቆማሉ። አመሻሽ ላይ ስማቸው፣ «ነገ ጎህ ሲቀድ እመጣለሁ፤ በሩን አይቀርቅሩት» አለኝ። ቁም ነገር ፀሐይ ከወጣ በኋላ ይነገራል ብዬ መለስሁት፤ ይኸው ቀርቅሬ እጽፍልሃለሁ።

መልስህን በራስህ እጅ ጻፈው፤ ፊደልህንም አታጣምም። ደረትህን ከብርድ ጠብቅ። ሬዲዮኑ ስምህን እስኪጠራ ድረስ እኔ የማንንም ወሬ አልሰማም።

የእናቶች አምላክ በሄድህበት ይከተልህ።

ያሳደግሁህ አያትህ፣ የሻረግ