ሳይሰፋ የሚመለስ ጨርቅ

ለምናፍቅሽ ለእታለም፦

እንደምን ከረምሽልን? እኛ ፈጣሪ ይመስገን ደኅና ነን፤ ናፍቆትሽ ብቻ አልቻል ብሎናል።

ሥራ ፍለጋዬን አላቆምኩም፤ አንዱ ቢሮ መጥራቱ አይቀርም። እስከዚያው ናዚዎች በአይሁዶች ላይ ስላደረሱት እልቂት የሚተርክ ወፍራም መጽሐፍ አንብቤ ጨረስኩ። ነገሩ በእሳት የጀመረ ይመስለኝ ነበር፤ ለካ የጀመረው በጎረቤት ቀልድና ሰላምታ በመንፈግ ነው።

የእማዬ ስፌት ቤት ቀዝቅዟል። ደንበኞቿ ጨርቃቸውን ሳይሰፋ እየወሰዱ ነው። የሠርግ ቀሚሷን የሰፋችላት የመድኃኒት ቤቷ ባለቤት ትናንት መጥታ፣ "የእኛ ሰው የሆነ ሰፊ አግኝቼ ነው፤ እንዳትቀየሚኝ" አለቻት።

"እኔስ የማን ሰው ነኝ?" ብላ ሳቀች እማዬ። ሴትዮዋ አልሳቀችም።

እኔማ "ፋሽን ተለውጦ ነው፤ አዲስ ማሽን እንግዛ" እያልኩ እጨቀጭቃታለሁ። ታክሲ ውስጥ ሆኜ ስትደውዪ ካላነሳሁልሽ አትቀየሚኝ፤ በቋንቋችን ሳወራ ሰዉ ዞሮ ያየኛል።

በክረምት ልጆቹን ይዤ እመጣለሁ ያልሽውን አባዬ "ቤቱን እናድስ፤ ለከርሞ ይሁን" ብሏል። የሚታደስ ነገር ግን አላየሁም።

መጽሐፉንም "እንቅልፍ ይነሳሻል፣ ተይው" ሲለኝ ነበር። ዛሬ ጠዋት ግን መነጽሩን አድርጎ ሲያገላብጠው አገኘሁት።

ቀና ሳይል፣ "ቀድመው የወጡት ምን ይዘው ወጡ ይላል?" አለኝ።

"ገና እዚያ አልደረስኩም" ብዬ ዋሸሁት።

በይ እንግዲህ፣ ልጆቹን ጉንጭ ጉንጫቸውን ሳሚልኝ። እዚያው ባሉበት ይደጉልኝ።

ታናሽ እህትሽ