የካርቱኑ ዜማና የእኔ ክራር

ሰኞ

በላይ ሩዝ ሊያጭድ ከባሕር ዳር መጣ። ከአምስት ዓመት በኋላ! ልጄ ነውና ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር። ግን እያጨደ ስልኩን ያስጮኸዋል። ቃል የሌለው ሙዚቃ፤ በልጅነቱ ያየው የነበረ የጃፓን ካርቱን ማጀቢያ ነው አለኝ። የሃያ ስድስት ዓመት ጎልማሳ! «ዝጋው» አልኩት። ዘጋው። እስከ ምሳ ጀርባውን ሰጥቶኝ አጨደ።

ማክሰኞ

ዛሬ ደግሞ በአፉ ያንጎራጉረዋል። ባለቤቴ ዋጋዬ፣ «ቴሌቪዥኑን ባትሸጥበት ኖሮ እስካሁን በጠገበው ነበር» አለችኝ። አዎ ሸጬዋለሁ። ወፍ ጠብቅ ብዬው ካርቱን ላይ ተተክሎ ሩዜን ወፍ ጨረሰው። ትክክል ነበርኩ። ያን ቀን አለማልቀሱ ግን እስከ ዛሬ ይቆረቁረኛል።

እሑድ ይሄዳል። እንዲህ ተኳርፈን ከሄደ የሚመለስ አይመስለኝም።

ረቡዕ

ክራሬን ከግድግዳው አወረድኩ። ፊደልም ክራርም ያለ አስተማሪ የተማርኩ ሰው የካርቱን ዜማ አያቅተኝም አልኩ። አቃተኝ። ከጎተራው ጀርባ ተደብቄ ብደረድር፣ ብደረድር ሦስተኛው ድምፅ ላይ ያመልጠኛል። ክራሬ ከሠርጌ ጀምሮ ትዝታ እንደተቃኘ ነው። ለጃፓን ብዬ አልነካውም።

ሐሙስ

ሰማኝ።

«አባባ፣ ይኼ እኮ የኔ ነው!» ብሎ ሳቀ። «ቅኝቱ ነው እንቢ ያለዎት። ይለውጡት።»

«ደግሞ አንተ ክራር ልታስተምረኝ?»

ሳቁ ጠፋ። ማጭዱን አንስቶ ሄደ።

የቀረኝ ሥራ፦ የወንዙን ዳር ማጨድ፣ ክምሩን መሸፈን፣ አፌን መዝጋት።

ዓርብ

«ምኑን ነው የምትወደው?» ብዬ ጠየቅሁት። እንደ ቁጣ ሆኖ ወጣብኝ እንጂ ቁጣ አልነበረም።

«እንጃ አባባ። ሲጀምር ከትምህርት ቤት በዝናብ ሮጬ የገባሁ ይመስለኛል። እማዬ ቆሎ ትሰጠኛለች። እርስዎ ደግሞ በሩ ላይ ቆመው ያያሉ።»

«እኔ? ካርቱን?»

«አዎ፣ እግርዎ ጭቃ ስለሆነ አይገቡም ነበር። ሙዚቃው እስኪያልቅ ይቆሙ ነበር።»

ውሸት ነው አልኩት። ከዚያ ቀኑን ሙሉ ሳጭድ ጭቃው፣ የበሩ መቃን፣ የልጁ ማጅራት ዓይኔ ላይ መጡ። ቆሜ ነበር።

ቅዳሜ

የክራሬን ቅኝት ፈታሁት። ሁለት ክር አላላሁ፣ አንድ አጠበቅሁ፤ አምባሰል ሆነ። ዜማው እንደ ገራም በሬ መጣ! ሦስት ቀን ሙሉ በከንቱ! አንድ ክር ተበጠሰብኝና በንዴት ክራሩን ልወረውረው ምንም አልቀረኝም፤ ክሩን ቋጥሬ ቀጠልኩ።

በላይ ልብሱን ሲያጣጥፍ በሩ ላይ ቆሜ ደረደርኩለት። ሁለት ቦታ ሳትኩ። ቀና ብሎ አላየኝም፤ እጁ ግን ማጠፉን ተወ።

እሑድ

መናኸሪያ ሸኘሁት። «ለውቂያው እመጣለሁ» አለ፤ እኔም «ካልመጣህ በሬዎቹን ማን ይነዳልኛል?» አልኩት። ሌላ ማለት ፈልጌ ነበር።

ዋጋዬ ክራሩን ወደ ትዝታ እንድመልስላት ጠየቀችኝ። እስከ ውቂያው ድረስ አልነካውም አልኳት።

«ግትር!» አለችኝ።

ነኝ።