ከችካሉ ወዲያ

ሰኞ፣ ሰኔ 2

ገጽ አሥራ አራት፣ ሁለተኛው አንቀጽ። ፈታኙ ከአዲስ አበባ በኢሜይል የላከው አስተያየት ስድስት ነጥብ ነው። አምስቱ ስለ ሠንጠረዥ አቀማመጥ ነው፤ አልከፋኝም። ስድስተኛው ግን፦ «ተማሪዋ ሊቶራል ዞን የምትለው ቦታ ሊቶራል ዞን አይደለም። አማካሪዋ ይህን እንዴት አሳለፉት?»

አማካሪዋ እኔ ነኝ።

ሰውየውን አላውቀውም። ፎቶውን አየሁ፤ ከልጄ ብዙ አይበልጥም። የባሌውን የሳነቲ አምባ ረግጦ አያውቅም ብዬ እወራረዳለሁ። ተማሪዬ ነጂማ ደግሞ እዚያው አንድ ዓመት ሙሉ፣ ጣት በሚያደነዝዝ ብርድ፣ ከአንዲት ትንሽ ሐይቅ ዳር ተንበርክካ ዕፅዋትና ቀንድ አውጣ ስትቆጥር ኖራለች። ለሁለተኛ ዲግሪ ካማከርኳቸው ሁሉ እንደ እሷ ጠንቃቃ አላየሁም። የጽሑፏ ርዕስ ላይ ያለው ይኸው ቃል ነው። እሱን ካነሱባት ምን ይቀራታል?

ዲፌንሱ፣ ጽሑፏን ፈታኞች ፊት የምትከላከልበት፣ ዓርብ ነው።

ሁለት ገጽ መልስ ጻፍኩ። ሦስት ቦታ «በአክብሮት» ይላል፤ አንዱም እውነት አይደለም። አልላክሁትም። ነገ ከቤተ መጻሕፍት ማስረጃ እጨምርበታለሁ። ልክ ነው የማስገባው።

ማክሰኞ፣ ሰኔ 3

መብራት የለም። ቤተ መጻሕፍቱ ውስጥ መስኮት ሥር ተቀምጬ ሦስት መጽሐፍ አገላበጥኩ። የአንዱ ጠርዝ በአይጥ ተበልቷል። ይህንን ለማን ነው የምናገረው?

ሊቶራል ከላቲን የመጣ ነው፤ የዳርቻ ማለት ነው። ባሕር ላይ ጠበብ አድርገው የሚይዙት ሰዎች፣ ባሕሩ ሲሞላ ከሚደርስበት መስመር አንሥቶ ሲጎድል እስከሚያፈገፍግበት መስመር ያለውን ቦታ ይሉታል። ሰፋ የሚያደርጉት እስከ ሁለት መቶ ሜትር ጥልቀት ይወስዱታል። እዚህ ድረስ እኔ ትክክል ነኝ።

ሁለተኛው መጽሐፍ ግን የሐይቅ ምዕራፍ አለው። የሐይቅ ሊቶራል ከዳሩ ተነሥቶ ወደ ውሃው ይገባል፤ ብርሃን ወለሉን እስከሚነካበት፣ ሥር ያላቸው ተክሎች እስከሚበቅሉበት ድረስ ይሄዳል ይላል። ሦስተኛው መጽሐፍም ይኸንኑ ይላል። ሦስተኛውን የከፈትኩት ሁለተኛው ተሳስቶ እንዲገኝልኝ ነበር።

ባሕር አይቼ አላውቅም። ያስተማረኝም ሰው ያየ አይመስለኝም። ጥቁር ሰሌዳ ላይ ሁለት መስመር አሰመረ፤ ከላይ ሙላት፣ ከታች ጉድለት፣ መካከሉ ሊቶራል። ያንን ይዤ ሮቤ ላስተምር መጣሁ። ተማሪዎቼ ባሕር ስለማያውቁ በሐይቅ ላስረዳቸው አልኩ። ጨረቃ ባሕሩ ላይ የምትሠራውን እዚህ ዝናቡ ይሥራው ብዬ፣ ውሃው በዝናብ ወራት የሚደርስበትን መስመርና በበጋ የሚሸሽበትን መስመር አሰመርኩ። መካከሉ ሊቶራል። ያምር ነበር። በጣም ስለሚያምር ማንም አልጠየቀኝም። ሃያ ሁለት ዓመት።

ነጂማ ችካሎቿን የተከለችው በእነዚህ ሁለት መስመሮች መካከል ነው። ሃያ አራት ችካል። ግማሹ ደረቅ መሬት ላይ፣ ግማሹ ቁርጭምጭሚት የማያልፍ ውሃ ውስጥ። ከችካሉ ወዲያ ያለውን አልቆጠረችም። አትቁጠሪው ያልኳት እኔ ነኝ። የመጀመሪያው ረቂቋ ላይ በእጄ ጽፌበታለሁ፦ «ከጥናቱ ወሰን ውጭ።»

መልሱን ቀደድኩት።

ረቡዕ፣ ሰኔ 4

ጠዋት ለተሾመ ነገርኩት። የትምህርት ክፍላችን ኃላፊ ነው፤ ድሮ ተማሪዬ ነበር።

«ጋሼ፣ ለዚህ ነው ፊትዎ የጠቆረው? ‹ለአካባቢው ሁኔታ የተስማማ ትርጉም› ብለን አንድ መስመር እንጨምርበታለን፤ አለቀ።»

«ሐይቁ አልተስማማም» አልኩት።

«ሐይቁ ዲፌንስ ላይ አይቀርብ!» ብሎ ሳቀ። ከዚያ ሳቁን አቆመና፣ «እኔም እኮ እንደዚያው ነው የማስተምረው። ከእርስዎ ማስታወሻ ነው የገለበጥኩት» አለ።

ከሰዓት ነጂማ መጣች። አስቀመጥኳትና ሁሉንም ነገርኳት። ታለቅሳለች ብዬ ነበር። አላለቀሰችም። ጠረጴዛውን እያየች፣ «አውቄዋለሁ፣ መምህር» አለች።

«ምኑን?»

«ሊቶራሉን። ከጥቅምት ጀምሮ። ኢንተርኔት ላይ አነበብኩ።»

ለምን አልነገርሽኝም አልኳት። ጮኬ ነው መሰለኝ።

«ይኸው አሁን እንኳ ይጮሁብኛል።»

ሁለት ጊዜ ቢሮዬ በር ድረስ መጥታ ተመልሳለች። አንድ ቀን ከውስጥ ሰው ስቆጣ ሰምታ። ሰው አልነበረም፣ ስልክ ላይ ነበርኩ አልኳት። ይህ ምን ይለውጣል?

አንድ የክፍል ጓደኛዋን አነሣችልኝ። ሰሌዳ ላይ የጻፍኩትን ቁጥር አርሞኝ ነበር። ወጥተህ አስተምረና ብዬ ክፍለ ጊዜው እስኪያልቅ ሰሌዳው ፊት አቆምኩት፤ ክፍሉ ሳቀበት። አስታወስኩት። ቁጥሩም እሱ እንዳለው ነበር። ከዚያ ወዲህ ክፍል ውስጥ እጁን ያወጣ ተማሪ መኖሩን ላስታውስ ሞከርኩ።

ነጂማ የምታጣው፦
— የገሰራ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት መምህርት ናት፤ ለትምህርት የሰጧት ፈቃድ በክረምቱ ያበቃል። ያለ ዲግሪው ከተመለሰች ሌላ ፈቃድ አይሰጧትም።
— አባቷ ይህ ዓመት የመጨረሻ ነው ብለዋታል።
— ዓመቱ ራሱ።

እኔ የማጣው፦ ስም። ከእሷ ጋር ሲተያይ ምንም አይደለም። ቢሆንም ጽፌዋለሁ።

ሐሙስ፣ ሰኔ 5

ወደ ደሎ መና በሚሄድ ሚኒባስ ሳነቲ ወጣን። መሄድ አያስፈልግም ብላኝ ነበር። በዓይኔ ካላየሁ አልኩ።

ሾፌሩ ሜዳው ላይ ሲያወርደን፣ «ባርሲሳ፣ እዚህ ብርድ ላይ ምን ጠፋዎት? ዓሣ እንደሆነ የለ!» አለኝ፤ በኦሮምኛ መምህር ማለቱ ነው።

«ተክል ረስተን ነው» አለችው ነጂማ። እሱ ሳቀ። እሷ አልሳቀችም።

ጭጋጉ የጅብራ ተክሎቹን ወገባቸው ላይ ቆርጧቸዋል። ችካሎቹ ቀጥ ብለው ቆመዋል፤ ቁጥራቸው በቀለም ተጽፏል፤ በመካከላቸው ያለው ርቀት እኩል ነው። እንዲህ ያለ ሥራ ከአሥር ተማሪ አንዱ አይሠራም። ትክክለኛ ሥራ፣ የተሳሳተ ቦታ።

ከመጨረሻው ችካል ሁለት እርምጃ አልፌ እጄን እስከ ክርኔ ውሃው ውስጥ ከተትኩ። ወለሉ ላይ ሣር አለ፤ ስስበው ሥሩ ያዘኝ። ቅጠሉ ላይ ቀንድ አውጣ ተደርድሯል። ነጂማ አጠገቤ ቁጢጥ ብላ ድምፅ አውጥታ ቆጠረች። ስንዝር በማትሞላ ቦታ አሥራ ሰባት። በምትሠራበት ቦታ በአንድ ወር ይህን ያህል ያላገኘችበት ጊዜ አለ። ሐይቁ በሕይወት ተሞልቶ እያለ እኔ ጓዳውን ዘግቼ በረንዳውን ሳስቆጥራት ከርሜያለሁ።

እንደገና ቢሠራ ስንት ጊዜ ይፈጃል አልኳት። ሐይቁ ሞልቶ እስኪጎድል፣ እስከ በጋ ድረስ አለች። ያንን እኔም አውቃለሁ። ሌላ መልስ ፈልጌ ነው የጠየቅኋት።

እጄ አሁንም አልሞቀም።

ዓርብ፣ ሰኔ 6

ከጁምዓ በፊት እንዲያልቅ ሦስት ሰዓት ላይ ተጀመረ። አባቷ አቶ ሁሴን ጋቢያቸውን ለብሰው የኋላው ወንበር ላይ ተቀምጠዋል። ልጄ ስትመረቅ ልይ ብለው ነው የመጡት። ዲፌንስ ምረቃ እንዳልሆነ የነገራቸው የለም።

ሃያ ደቂቃ አቀረበች። አንድ ቃል አልተሰናከለችም። ከዚያ ፈታኙ ገጽ አሥራ አራትን ገለጠ። ጨዋ ሰው ነው፤ ባለጌ ቢሆን ይቀለኝ ነበር። «ይህን ወሰን ማን ወሰነው?» አለ። ነጂማ ወደ እኔ አየች።

አማካሪ ካልተጠየቀ አይናገርም። ተነሣሁ። «እኔ ነኝ። ተሳስቼ አስተማርኳት፤ ያዘዝኳትን ሠራች» አልኩ። ሌላም ያዘጋጀሁት ነበር። ተቀመጥኩ።

እዚያ ላይ ያበቃል ብዬ ነበር። «እሺ፣ መምህር፣ አመሰግናለሁ» አለና ወደ እሷ ዞሮ፣ «እርስዎስ አንድም ቀን አላነበቡም?» አላት።

ይህን አላሰብኩትም። አላነበብኩም ብትል ሰነፍ ናት። አንብቤያለሁ ብትል እያወቀች ስህተት ይዛ ቀርባለች። ስህተቱን በራሴ ላይ ወሰድኩ ብዬ ስኩራራ ለእሷ ወጥመድ ሠርቼላት ነው የተቀመጥኩት።

«አንብቤያለሁ» አለች። «መምህሬን መናገር ፈራሁ።»

ከኋላ የወንበር ድምፅ ተሰማ። አቶ ሁሴን ተነሥተው ወጡ።

ውሳኔው፦ አልወደቀችም፣ አላለፈችም። ውሃው ውስጥ ያለው ክፍል ከሙላት እስከ ጉድለት እንደገና ይቆጠር። አማካሪ ይቀየር። የመጨረሻውን ሲያነብ ተሾመ ቀና ብሎ አላየኝም።

ቅዳሜ፣ ሰኔ 7

ጎባ ሄድኩ። አቶ ሁሴን ገመድ፣ ጀሪካን፣ የፕላስቲክ ጫማ የሚሸጡበት ሱቅ አላቸው። ነጂማ አልነበረችም። ይቅርታ ልጠይቅ መጥቼ ነው አልኳቸው። ወንበር ሰጡኝና ሌላ ደንበኛ አስተናገዱ። ሁለት ሜትር ገመድ፣ ከነክርክሩ። እሱን ጨርሰው መጡ።

«ባርሲሳ፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎ። ይቺ ልጅ እኔን አትፈራም። ሱቁን ዝጊ ስላት እንኳ ትከራከረኛለች። እርስዎን ለምን ፈራች?»

ከጎኔ ያለውን ጀሪካን ገፋ አደረግኩ።

«ክፉ ሰው ነዎት?»

«ቁጡ ነኝ» አልኩ።

«እሱንማ ሮቤ ያለ ባጃጅ ሁሉ ያውቃል።»

የሳቅሁት እኔ ብቻ ነኝ።

ከገሰራ ደውለዋል፤ ትመለሳለች ወይስ ሰው እንተካ እያሉ ነው። ጥፋቱ የእኔ መሆኑን፣ ፈቃዷ ቢራዘም ሥራውን እንደምትጨርስ ለርዕሰ መምህሩ ደብዳቤ እጽፋለሁ አልኳቸው። እዚሁ ይጻፉት አሉኝ። የዕቃ ማሸጊያ ካርቶን ላይ ወረቀት አስደግፌ ጻፍኩ። ያንብቡልኝ አሉ፤ አነበብኩ። «‹ምናልባት› የሚለውን ያውጡት» አሉኝ። አወጣሁት። ልክ ናቸው፤ ቦታው አልነበረም።

እርስዎስ ይፈቅዱላታል ስላቸው፣ «ኢንሻ አላህ» አሉ።

ሃያ ሁለት ዓመት እዚህ ኖሬ ኢንሻ አላህ መቼ እሺ፣ መቼ እምቢ እንደሆነ መለየት አልቻልኩም።

እሑድ፣ ሰኔ 8

ምንም። ቀኑን ሙሉ የመማሪያ ማስታወሻዬን ሳርም ዋልኩ። የሐይቁን ሥዕል እንደገና ሣልኩት። ያስተማርኳቸውን፣ ዛሬ ራሳቸው አስተማሪ የሆኑትን ስም ልጻፍ ብዬ ጀምሬ አሥራ ዘጠኝ ላይ ተውኩት። ለእነሱስ ማን ይነግራቸዋል? የሦስቱን ስልክ አገኘሁ። ለአንዱ ደወልኩ። የምቆጣው መስሎት ገና ሳልጀምር ይቅርታ ጠየቀኝ።

ሰኞ፣ ሰኔ 9

ነጂማ የአማካሪ መቀየሪያ ቅጽ ይዛ መጣች። አዲሷ አማካሪ ከሁለት ዓመት በፊት የመጣች ወጣት መምህርት ናት፤ ጣና ዳር ነው ያደገችው። ሁለት ዓመት ሙሉ ከጤና ይስጥልኝ ያለፈ ቃል ተለዋውጠን አናውቅም። ዛሬ ቢሮዋ ሄጄ የነጂማን መረጃ ሁሉ አስረከብኳት። ያለቦታው የተቆጠረውም ለማነጻጸሪያ ይጠቅማል አለችኝ። ደግ ሰው ናት ወይም እውነቷን ነው።

«ገሰራ መለሱልሽ?» አልኳት ነጂማን።

«ደብዳቤው ደርሷቸዋል። ስብሰባ ላይ እናየዋለን አሉ።»

«አባትሽስ?»

«ዝም ብለዋል።»

«እምቢ ካሉስ፣ ከገሰራ?»

«ቅዳሜና እሑድ እየመጣሁ እቆጥራለሁ።»

አይሆንም። ከገሰራ ሳነቲ ደርሶ መልስ፣ ያውም በዝናብ መንገድ፣ በሁለት ቀን ቆጠራ የሚሆን ጊዜ አይተርፍም። ሁለታችንም እናውቃለን። ችካሎቹን ለመንቀልና ወደ ውስጥ ለመትከል እንኳ ሁለት ሰው ይፈልጋል፤ እኔ እመጣለሁ አልኳት።

«መምህር፣ አይክፋዎትና፣ እርስዎ ባይመጡ ይሻላል።»

ዓይኔን እያየች ነው የተናገረችው። ከፋኝ። እሺ አልኩ።

ቅጹ ላይ «ምክንያት» የሚል ክፍት ቦታ አለ፤ እሷ ባዶውን ትታዋለች። «አማካሪው ተሳስቷል» ብዬ ሞላሁትና ፈረምኩ።

ከሰዓት በኋላ ከበድ ያለ ዝናብ ጣለ። ሳነቲ ላይም ሳይጥል አይቀርም። ሐይቁ መሙላት ጀምሯል፤ የገሰራ ስብሰባ ቀኑ ገና አልተቆረጠም።