ሁልጊዜ ወደ ላይ የሚስት የሰሊጥ ትንበያ

ማክሰኞ፣ መስከረም 19፣ ሸሕዲ

ቅዳሜ መኪኖቹ ይነሳሉ አሉን። ጎጃምና ወሎ ሄደው ለሰሊጥ አጨዳ የቀን ሠራተኛ ጭነው ይመጣሉ። ስንት መኪና እንደሚሄድ የሚወስነው የእኛ ቁጥር ነው። የመኸር ኮሚቴው ሰብሳቢ ጓድ መላኩ ጠረጴዛውን በጣቱ እየቆረቆረ፣ "ዓርብ ጠዋት ትንበያው ተፈርሞ ይቅረብልኝ" አለ። መጀመሪያ ማጣራት አለብን ብዬ ስለው "ምኑን ነው የምታጣሪው? አምናም የሠራነው በዚሁ ቀመር ነው" አለኝ።

አዎ፣ በዚሁ ቀመር። አምና ብዙ ምርት ይገኛል ብሎ ተነበየ፤ የተገኘው ግን ጥቂት ነበር። የመጣው ሠራተኛ ሥራ አጥቶ፣ መመለሻ አጥቶ ቆላው ውስጥ ቀረ። ወባ ፈጀው። የመንግሥት እርሻው ኃላፊ አቶ ይማም ደግሞ "ምርቱ ከትንበያው ያነሰው በአሻጥር ነው" ተብሎ ታሰረ። እስካሁን ጎንደር ወህኒ ቤት ነው። ትንበያውን የጠየቀ ሰው የለም።

ቀመሩን የሠሩት ጋሽ ደምሴ ናቸው። ዩኒቨርሲቲ አስተማሪዬ ነበሩ፣ አሁን በፕላን መሥሪያ ቤት አለቃዬ ናቸው። የዝናቡን መጠን፣ የተዘራውን መሬት፣ የትራክተሩን ብዛት፣ ያለፈውን ዓመት ዋጋ ያስገቡለታል፤ የሚሰበሰበውን ሰሊጥ ይነግራቸዋል። ከአዲስ አበባ ድረስ ይዘውኝ የመጡት እንድፈትነው ነው። "ስህተት ካለበት ሌላ ሰው ከሚያገኝብኝ አንቺ አግኚልኝ" አሉኝ መንገድ ላይ። እየሳቁ ነበር።

የምፈራቸው ነገሮች፦ ወባ። የካልኩሌተሩ ባትሪ ማለቅ። ጓድ መላኩ። ስህተት ማግኘት።

ረቡዕ

ሙቀቱ ከጠዋት ጀምሮ ነው። ወረቀቱ ክንዴ ላይ ይጣበቃል፣ ስነጥለው ቁጥሩ ቆዳዬ ላይ ይቀራል።

ቀመሩ በተሠራባቸው ዓመታት ላይ ሲታይ እንከን አይወጣለትም። ይህ ግን ፈተና አይባልም። መልሱን ላየ ተማሪ ያንኑ ጥያቄ መልሶ መስጠት ነው። ስለዚህ የመጨረሻዎቹን ዓመታት ደበቅኩበት። በቀደሙት ብቻ እንደ አዲስ አሰላሁትና የደበቅኩትን እንዲተነብይ አደረግኩት።

ሳተ። መሳቱ አይደለም ያስደነገጠኝ፤ የማይስት ትንበያ የለም። ስህተቱ አንዴ ወደ ላይ፣ አንዴ ወደ ታች ቢሆን ዕድል ነው ብዬ ባለፍኩት። ይሄ ግን ሁሉንም ወደ ላይ ነው የሳተው። ካለው አብልጦ፣ በየዓመቱ።

ከዚያ የቂል የሚመስል ነገር ሞከርኩ። ያለ ምንም ቀመር "ዘንድሮ እንደ አምና ነው" ብዬ ብተነብይ ምን ያህል እስታለሁ? ከጋሽ ደምሴ ቀመር ያነሰ! ሦስቴ ደጋገምኩት። ያው ነው።

የስህተቱ ምክንያትም የገባኝ ይመስለኛል። እዚህ ቆላ ውጊያ በነበረባቸው ዓመታት ዝናብ የለካ ሰው የለም። የመዝገቡ ባዶ ቦታ የተሞላው በጎንደር ከተማ፣ በደጋው ዝናብ ነው። ደጋና ቆላ ደግሞ አንድ ዝናብ አይዘንብላቸውም።

አገኘሁት ብዬ ከወንበሬ ብድግ አልኩ። ወዲያው መልሼ ተቀመጥኩ። ቀመሩ ከተሳሳተ አቶ ይማም አላሻጠረም። እሱ ካላሻጠረ ግን አሻጥረኛ የሚፈለገው ማን ዘንድ ነው?

ከሰዓት በኋላ በሩን አንኳኩተው አንዲት ሴት ገቡ። ነጠላቸውን አዘቅዝቀዋል። የአቶ ይማም ባለቤት፣ ወይዘሮ ዘውዴ። እዚሁ ሸሕዲ ነው የሚኖሩት። "ቁጥር የሚያዩ ሰዎች መጡ ሲሉ ሰምቼ ነው" አሉ። "ይማም ሰሊጥ አልደበቀም፣ እህቴ። መሬቱ ያልሰጠውን ከየት ያምጣ?" ውኃ ሰጠኋቸው፣ ጠጡና ሄዱ። ያገኘሁትንም ስህተት ለጋሽ ደምሴ እስካሁን አልነገርኳቸውም።

ሐሙስ

በጓድ መላኩ ላንድሮቨር ሽንፋ ያለው እርሻ ደርሰን መጣን። ጥቁሩ አፈር ውኃ ጠጥቶ ተኝቷል። የዘንድሮው ኸሪፍ፣ እዚህ ክረምቱን እንደዚያ ነው የሚሉት፣ ዝናቡን ባንዴ አውርዶት ሄዷል። ሰሊጥ ውኃ ከተኛበት ቢጫ ይሆናል። አየሁት፦ ዳገታማው ላይ ቁመናው ያማረ፣ ረባዳው ላይ ከጉልበቴ ያልበለጠ ቢጫ። በቀመሩ ግን ብዙ ዝናብ ማለት ብዙ ሰሊጥ ነው።

ዛፍ ሥር ሠራተኞች ተቀምጠው አገኘን። መኪና ሳይጠብቁ ቀድመው በእግራቸው የወረዱ ናቸው። ከጎጃም የመጣ አንድ ጎልማሳ ማጭዱን ጭኑ ላይ አጋድሞ ይስላል። አምናም መጥተህ ነበር ወይ አልኩት።

"መጥቸ ነበር። ከወንድሜ ጋር ወረድሁ፣ ብቻየን ተመለስሁ።"

"ታዲያ ዘንድሮ ለምን መጣህ?"

"ሥራ አለ ብለው ለፈፉ። መንግሥት ሥራ አለ ካለ አለ ነው እንጅ፣ ሌላ ምን እንላለን?"

ወደ መኪናው ስንመለስ ጓድ መላኩ ቀስ ብሎ አጠገቤ መጣ። ማንም እንዳይሰማ ዝቅ ባለ ድምፅ፣ "ጓድ ሂሩት፣ ፊትሽን አይቻለሁ። ትንበያው ተሳስቷል ልትይ ነው። ከሆነ አምና ያሰርነው ሰው ምን ሊባል ነው? ቀመሩን የሠራውስ ሰው ምን ሊባል ነው? አስበሽበታል?" አለኝ። ክፉ ሰው አይመስለኝም። እሱም ፈርቷል። ይሄ የባሰ አስፈራኝ።

ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ለጋሽ ደምሴ ነገርኳቸው። ወረቀቶቹን ተቀበሉኝ። እያነበቡ የአንገታቸው ደም ሥር ሲገተር አያለሁ።

"ከደበቅሻቸው ዓመታት አንዱ የውጊያ ዓመት ነው!" አሉ። "ገበሬው ሸሽቶ፣ ማሳው ተቃጥሎ፣ የትኛው ቀመር ነው ይህን የሚያውቀው? እንዲህ ነው ያስተማርኩሽ?"

እውነት ነው፣ ያንን ዓመት ለብቻ ማየት ነበረብኝ። ወረቀቶቹንም ካልኩሌተሩንም ይዘው ክፍላቸው ገቡ። ራት አልበሉም።

ልክ ከሆኑስ? እኔ ተሳስቼ ቢሆንስ? እንዲሆን የምመኝ ይመስለኛል። ከዚያ ሽንፋ ያየሁት ቢጫ ሰሊጥ ትዝ ይለኛል።

ዓርብ

ጎህ ሲቀድ ስወጣ ጋሽ ደምሴ ደጃፉ ላይ ባለው ግንድ ላይ ተቀምጠዋል። ያደሩበት ሸሚዝ ነው። "የውጊያውን ዓመት አውጥቼ ሠራሁት" አሉኝ።

"እሺ?"

"ስህተቱ ቀነሰ።" ወረቀቱን አቀበሉኝ። "ግን አሁንም ወደ ላይ ነው። ያንቺ የቂል ትንበያም አሁንም ይበልጠኛል።"

ኮሚቴው ፊት እኔ ልናገር፣ እርስዎ አሞኛል ብለው ይቅሩ አልኳቸው። የሰሙኝም አይመስለኝ፤ ፊታቸውን ሊታጠቡ ሄዱ።

ስብሰባው ላይ ጓድ መላኩ "ተፈርሟል?" ሲል ተነሣሁ። ጋሽ ደምሴ እጄን ያዙኝ። "ተቀመጪ፣ ሂሩት።" ቆሙ። እንደ ክፍል ውስጥ ነው የተናገሩት፣ ቀስ ብለው፣ ሁሉም እንዲገባው። "ቀመሩ የእኔ ነው። ተፈትኖ ወድቋል። በየዓመቱ ከሚገኘው አብልጦ ይናገራል። አምና ምርት አልጎደለም፤ ትንበያዬ ነው የበዛው። አቶ ይማም የታሰረው በእኔ ቁጥር ነው። ዘንድሮም በዚህ ቁጥር ሰው ጭናችሁ ብታወርዱ ሥራ አያገኝም።"

አንዱ ከጥግ፣ "ታዲያ አሻጥረኛው እርስዎ ነዎት ማለት ነው?" አለ። ጋሽ ደምሴ "ተሳሳትኩ ነው ያልኩት። የምትሉትን እናንተ ታውቃላችሁ" አሉ።

ጓድ መላኩ ወረቀቱን ወደ ራሱ ሳበ። መኪኖቹ ግማሾቹ ብቻ እንዲሄዱ፣ የሚጫነውም ሰው ያለውን ችግር ቀድሞ እንዲነገረው አዘዘ። ግማሾቹ! ሳይጫኑ የሚተርፉትን ሰዎች አስቤ የደስታ እንባ መጣብኝ። ቀጥሎ፣ "ጓድ ደምሴ ነገ ጎንደር ሄደው ለክፍለ ሀገሩ ያስረዳሉ" አለ። ያስረዳሉ። ይህ ቃል በዚህ ዘመን ምን ማለት እንደሆነ የማያውቅ የለም።

ቅዳሜ

ጋሽ ደምሴ ሄዱ። ከፊት ሾፌሩ፣ ከኋላ መሣሪያ የያዘ አንድ ወታደር። ይዘውት የሄዱት አንድ ቦርሳ ነው። "ባትሪውን ጨርሼብሻለሁ" አሉኝ፣ ሌላ ምንም።

ቀኑን ሙሉ ምንም አልሠራሁም። አብሬያቸው ልሂድ ብዬ ነበር፣ ከለከሉኝ። ይህን ማስታወሻ ላቃጥለው አሰብኩ፣ ክብሪትም ይዤ ነበር። ተውኩት።

ሰኞ

ትናንት አልጻፍኩም። የሚጻፍ አልነበረም።

ዛሬ ከጎንደር አውቶቡስ ሲገባ ወጥቼ ቆምኩ። የመጨረሻው ሰው እስኪወርድ ጠበቅኩ። ጋሽ ደምሴ! አቧራ ለብሰው፣ ጢማቸው አድጎ፣ ብቻቸውን። ወታደር የለም። መንገድ መሀል አቅፌያቸው አለቀስኩ፤ "ኧረ ሰው ያየናል" ይሉኛል።

ከቅዳሜ ማታ እስከ እሑድ ማታ ጠይቀዋቸዋል። ጽፈው ፈረሙ። ከሥራ ሊያነሷቸው ይችላሉ፣ የባሰም ሊመጣ ይችላል፣ ለጊዜው ግን ለቀዋቸዋል። አቶ ይማምንም አስፈቅደው አይተውታል። ከስቷል አሉ። ጉዳዩ እንደገና ይታያል ተብሏል።

ማረፍ አልፈለጉም። ቀጥታ ወደ ወይዘሮ ዘውዴ ቤት ሄድን። ጋሽ ደምሴ ደጃፉ ላይ ቆመው፣ ባርኔጣቸውን አውልቀው፣ ማን እንደሆኑና ምን እንደሠሩ ሁሉንም ነገሯቸው። ይረግሟቸዋል ብዬ ነበር። ወይዘሮ ዘውዴ አዩዋቸው፣ አዩዋቸው፣ ከዚያ "ይግቡ፣ ፀሐይ ነው" አሉ።

ከተቀመጥን በኋላ አንድ ነገር ብቻ ጠየቁ። "ይፈቱታል?"

ጋሽ ደምሴ "አላውቅም" አሉ። "ይፈቱታል ብዬ ልነግርዎት አልችልም።"

ወይዘሮ ዘውዴ ራሳቸውን ነቀነቁ። ከዚያ ተነሥተው ሣጥን ከፈቱና የባላቸውን ሸሚዞች እያወጡ ያራግፉ ጀመር። አንዱን ከአንገቱ ተተርትሮ አገኙትና መርፌ አቀብዪኝ አሉኝ።