መምህር ብርብራን የገደልኩት እኔ ነኝ

ሰኞ፣ ሰኔ 9። ጠዋት 4፡00
ዝናብ። ገበያ የለም። ባጃጆቹ ጭቃውን እስከ ሱቁ ደፍ ይረጩታል። ጠርጌ ጠርጌ ተውኩት።

ሃያት ያለ ሰዓቷ መጣች። የወንድሜ የከድር ልጅ። እዚሁ ዲላ ዩኒ. ትማራለች፣ ምሳ እኔ ጋ ትበላለች። ከፌስታል ውስጥ አንድ አሮጌ ደብተር አወጣች። ገና ሽፋኑን ሳየው አወቅሁት። የያዝኩት ጨርቅ ከእጄ ወደቀ።

እኔና ከድር ልጆች ሳለን፣ እዚሁ ሱቅ ከጨርቅ ጥቅሎቹ ኋላ ተሸጉጠን የጻፍነው ነው። ዘዋራ የሚባል አገር ፈጥረን ነበር፣ ዛፎቹ የሚሄዱበት። ሰዉ ሲነሳ የትናንቱ ጥላ የለም። ገበያው ነገ የት ጥላ እንደሚያገኝ የሚያውቅ አንድ ሊቅ ብቻ፦ መ/ር ብርብራ። ስሙን እኔ አወጣሁለት፣ ጓሯችን ከነበረው ብርብራ ዛፍ። ጺሙን ከድር ሰጠው። ያን ሁሉ አውቆ አህያውን ዛፍ ላይ አስሮ ዛፉ ይዞበት የሄደ ሊቅ! ሃያት ያን ገጽ ስታነብልኝ ሁለታችንም እንባችን እስኪወርድ ሳቅን።

ነገሩ እንዲህ ነው። ቅዳሜ ከድር ጡረታ ይወጣል። የሚያስተምርበት የይርጋጨፌ ት/ቤት ይሸኘዋል። ልጅቷ ደብተሩን ከአባቷ ዕቃ መሃል አግኝታ፣ ታይፕ አስደርጋ፣ አስጠርዛ ልትሰጠው ነው፣ ሳይሰማ። ግን የመጨረሻው ገጽ ተቀዷል። መ/ር ብርብራ መጨረሻው ምን ሆነ? አለችኝ። ረስቼዋለሁ አልኳት።

ዋሸሁ። ገጹ እኔ ጋ ነው።

ማክሰኞ፣ ሰኔ 10። ከሰዓት 9፡00
ከሣጥኑ ሥር አወጣሁት። ቢጫ ሆኗል። እስክሪብቶው ወረቀቱን በስቶታል፣ እንዲያ ተጭኜ ነው የጻፍኩት። «መ/ር ብርብራን ዛፎቹ ረግጠው ገደሉት። የተማረው ሁሉ ለማንም አልጠቀመም።»

ስምንተኛ ክፍል ነበርኩ። አንደኛ ነበር የምወጣው። ከድር ከኋላዬ፣ ሰባተኛ ክፍል፣ በመከራ የሚያልፍ። አባታችን ታመመ፣ ሱቅ የሚቀመጥ ሰው ያስፈልጋል ተባለ። ሴቷ ትቀመጥ ተባለ። ከድር እዚያው ነበር። ምንጣፉን እያየ ዝም አለ። ሊቁን የዚያን ሰሞን ገደልኩት። አስነበብኩትና ቀደድኩት። ከድር አለቀሰ። ከዚያ ወዲህ አርባ ምናምን ዓመት፣ ስለ ዘዋራ አንድ ቃል ተነጋግረን አናውቅም። ስለተቋረጠው ትምህርቴም።

ደግሞ ያ ጊዜ ይናፍቀኛል። አባቴ በቡና ወቅት ጨርቅ ጭኖ አሪቻ ገበያ ይወስደን ነበር። በመኪናው መስኮት ዛፎቹ ወደ ኋላ ሲሮጡ፣ ከድር የት ነው የሚሄዱት አለኝ። ለገበያ አልኩት። ዘዋራ የተፈጠረችው ያኔ ነው። አሁን ምን ላድርግ? ገጹን ብሰጥ ሽኝቱ ላይ የድሮ ቂሜን ሊያነብ ነው። ባልሰጥ ደግሞ እንደለመድኩት፣ ሆድ ይፍጀው።

ሐሙስ፣ ሰኔ 12። ምሳ ሰዓት
ሃያት እየበላች ትነተርከኛለች። ነገ ማታ ጥረዛው ያልቃል፣ ካስታወስኩ ቶሎ ልንገራት። ቀጥላ ሌላ ነገር አነሳች፦ ደብተሩ ላይ ሊቁ ለምን ጺም አለው? ምን ይኑረው ታዲያ፣ አልኳት።

«አክስቴ፣ ወላሂ ግራ ገብቶኝ እኮ ነው! አባዬ ሲነግረን መምህር ብርብራ ሴት ናት። ሻሽ ታስራለች። ዛፎቹን በጨርቅ ሜትር ነው የምትለካው። ሂሳብ ሲከብደኝ፣ ሂጂ መምህር ብርብራን ጠይቂ ብሎ ወደ አንቺ ይልከኝ ነበር፣ ረሳሽው?»

ሞተች ወይ? አልኳት። መች ሞታ ታውቃለች አለችኝ፣ አፏን እንደሞላች።

ደንበኛ ጠራኝ ብዬ ወጣሁ። ደንበኛ አልነበረም። ከጥቅሎቹ ኋላ ቁጭ ብዬ አለቀስኩ። ደስ ብሎኝ ብቻ አይደለም፣ ተናድጄም ጭምር። ለልጆቹ ይነግራል! ለእኔ ግን ምነው? የአንድ ሰዓት መንገድ ነው እኮ። በየዒዱ ይመጣል፣ ይበላል፣ ስለ ዝናብና ስለ መንገድ ያወራል፣ ይሄዳል። እኔስ? እኔም ያው። ሁለት ዲዳ።

ዓርብ፣ ሰኔ 13። ጠዋት 3፡30
ሁለቴ ክብሪት አነሳሁ፣ ሁለቴ መለስኩ። ባቃጥለው ለማን ይጠቅማል?

ሃያትን ጠራኋት፣ ሰጠኋት። ቆማ አነበበች። ቀና ብላ አየችኝ። ይሄ ይገባ ወይስ ይቅር? አለችኝ ቀስ ብላ። ይግባ አልኳት። አንድም ፊደል አትንኪ። አንቺ የምታውቂያትንም ሴት ከሱ ቀጥለሽ ጻፊ፣ አባትሽ እንደነገረሽ አድርገሽ።

ከመስጠቴ በፊት ግን ከገጹ ግርጌ አንድ መስመር ጨምሬበታለሁ። «ይህን የጻፈችው ዘይነባ ናት። አሥራ አራት ዓመቷ ነበር። ትምህርት ትወድ ነበር።»

ነገ ሱቁን አልከፍትም። ይ/ጨፌ እሄዳለሁ። ከድር ሲያነበው ፊት ለፊቱ መቀመጥ እፈልጋለሁ።